የግሪክ ሊቅ ለመሆን ከየት ልጀምር?

“የ26 ዓመት ወጣት ነኝ። በልጅነቴ ከንባብ ቤት እስከ ቅኔ ተምሬአለሁ፤ ኋላም ዩኒቨርሲቲ ገብቼ በፍልስፍና የመጀመሪያ ዲግሪዬን ያዝኩ። አሁን አዲስ አበባ ውስጥ ተቀጥሬ እሠራለሁ። ፕላቶንና አሪስቶትልን በእንግሊዝኛ ሳነብ ቆይቼ፣ ሕይወቴን የጥንት ግሪክን ባህልና አስተሳሰብ ለማጥናት ልስጥ ብዬ ወስኛለሁ። ግሪክኛ ግን ከፊደሉ በቀር አላውቅም። ዕድሜዬ አልፏል? በቀጥታ ለዶክትሬት ባመለክት ይቀበሉኛል? በኢንተርኔት የሚሰጥ የማስተርስ ትምህርት አግኝቻለሁ፤ ልክፈል? ግእዜስ ይጠቅመኛል ወይስ ልተወው? ቤተሰቦቼ ‘በሞተ ቋንቋ ማን እንጀራ በላ?’ ይሉኛል። ምን ልመልስላቸው?”

ወንድማችን፣ ዕድሜህ አላለፈም። ለዶክትሬት ግን ዘንድሮ አታመልክት፤ ለኢንተርኔቱ ማስተርስም ገና ብርህን አታውጣ። መጀመሪያ አንድ ዓመት ተኩል ግሪክኛውን ተማር። የትምህርት ዕድሉም፣ የምትጽፈው ማመልከቻም፣ ወደፊት የምትመርጠው ርእስም በዚህ ላይ ነው የሚቆሙት።

በዚህ ሙያ ሰው የሚመዘነው ስለ ፕላቶን ባለው አስተያየት አይደለም። የግሪክኛው ገጽ ፊቱ ሲዘረጋ ስንቱን በራሱ ማንበብ እንደሚችል ነው የሚታየው። በአሜሪካ የክላሲክስ፣ ማለትም የጥንት ግሪክና ሮም ጥናት፣ ዶክትሬት የሚሰጡ ትምህርት ክፍሎች አብዛኞቹ ተማሪውን በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ከባድ ፈተና ላይ ያስቀምጡታል፦ ከሆሜር፣ ከትራጄዲ፣ ከቱኪዲዲስ፣ ከፕላቶን የተቆረጡ ምንባቦችን ያለ መዝገበ ቃላት፣ በተወሰነ ሰዓት መተርጎም። ላቲኑም እንዲሁ ይፈተናል። ከፊደል የጀመረ ሰው እዚያ ድረስ በሁለት ዓመት አይዘልቅም፤ ስለዚህ ኮሚቴዎቹ ገና በመግቢያው ላይ ቢያንስ የዩኒቨርሲቲ ሁለት ሦስት ዓመት ትምህርት ያህል ግሪክኛ ያነበበ አመልካች ይፈልጋሉ። አሁን ብታመለክት መልሱ “የቋንቋ ዝግጅት ይጎድለዋል” የሚል ይሆናል፤ የማመልከቻ ክፍያህም በከንቱ ይሄዳል።

የኢንተርኔቱን ማስተርስ በተመለከተ፣ ለትምህርት ቤቱ አንድ ጥያቄ ብቻ ላክ፦ “ከኮርሶቹ በስንቱ ግሪክኛው ራሱ ይነበባል?” እንዲህ ካሉት ፕሮግራሞች ብዙዎቹ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ የሚያስተምሩት በትርጉም ነው። ለሁለተኛ ደረጃ የታሪክ መምህር ሊጠቅሙ ይችላሉ። ወደ ዶክትሬት ለሚሄድ ሰው ግን ወረቀቱን የሚያነበው ኮሚቴ የኮርሶቹን ዝርዝር ያያል፤ ግሪክኛ ካላገኘበት ዲግሪው ከመዝገብ አያልፍም።

እንግዲህ ወደ ትምህርቱ። መማሪያ መጽሐፍ ሲመርጥ ብዙ ሰው ወራት ያባክናል። ላንተ ሐንሰንና ኩዊን ያዘጋጁት ባለ 20 ክፍል የግሪክኛ መማሪያ ይስማማሃል። ደረቅ መጽሐፍ ነው፤ ሥዕልም ታሪክም የለው። ሰዋስውን ግን በሥርዓት ያወርዳል፣ ሠንጠረዦቹንም ሙሉ አድርጎ ያቀርባል፤ ግሥ ሲያወርድ ላደገ ሰው ይህ ምቹ ነው። አንዱን ክፍል በ18 ቀን ገደማ ብትጨርስ ሃያውን በአንድ ዓመት ትዘልቃለህ። በቀን አንድ ሰዓት ተኩል ይበቃል፤ በየቀኑ መሆን ግን አለበት። ቅዳሜ አምስት ሰዓት ተቀምጦ ሳምንቱን መተው አያዋጣም፤ ቅዳሜ የያዝከው ዝርዝር እስከ ረቡዕ ይጠፋል። ግማሽ ሰዓቱን ዝርዝሩን ጮክ ብለህ በቃልህ አውርድ፣ በእጅህም ጻፈው። አርባ ደቂቃ መልመጃ ሥራ፤ ከግሪክኛ መተርጎም ብቻ ሳይሆን ወደ ግሪክኛም መልስ። የቀረውን ሃያ ደቂቃ ያለፈውን ሳምንት ከልስበት። ወደ ግሪክኛ መመለስን የሚዘሉ ተማሪዎች ሲያነቡ “ገባኝ” ይላሉ፤ ስድስት ወር ቆይተው ግን ባለቤቱን ከተሳቢው መለየት ያቅታቸዋል።

ግእዝህ እዚህ ላይ ወዲያው ሥራ ይጀምራል። የግሪክኛ ስም በዐረፍተ ነገር ውስጥ አምስት ሙያ አለው። ባለቤቱን፣ ተሳቢውንና ዘርፉን ታውቃቸዋለህ፤ ሲጠሩበት የሚለወጠውም አያስቸግርህም። አዲስ የሚሆንብህ አንዱ ነው፤ ግእዝ በ“ለ” እና በ“በ” የሚለውን ግሪክኛ ብዙ ጊዜ የቃሉን መድረሻ ለውጦ ይለዋል። በግሡም በኩል አድራጊና ተደራጊ ብቻ ሳይሆን በመካከል ሦስተኛ አለ፤ “ተ” የሚገባበት የግእዝ ግሥ አንዳንዴ ተደራጊ፣ አንዳንዴ ድርጊቱ ወደ ባለቤቱ የሚመለስበት እንደሚሆን ለሚያውቅ ሰው ይህ እንግዳ አይደለም። “ይሠራ ዘንድ” እንደሚለው ያለ ዘንድ አንቀጽም አለ። ከእሱ አልፎ ግን ምኞትንና ሩቅ ግምትን የሚናገር ሌላ አንቀጽ አለ፤ ለእሱ አቻ አትፈልግለት፣ እንደ አዲስ ተማረው። በቅኔ ቤት አገባብን (አያያዥ ቃላትን) ዐቢይ፣ ንዑስ፣ ደቂቅ ብለህ መለየትህ ደግሞ ከሁሉ በላይ ይጠቅምሃል። ግሪክኛ ዐረፍተ ነገሮቹን የሚያያይዘው “ሜን”፣ “ዴ”፣ “ጋር”፣ “ኡን” በሚባሉ ትንንሽ አገባቦች ነው፤ እነሱን ዘሎ የሚያነብ ሰው ቃላቱን ሁሉ አውቆም የክርክሩን መንገድ ይስታል።

ሁለት ነገሮች ጀማሪውን ሁሉ ይጥላሉ፤ አንተንም ይፈትኑሃል። የመጀመሪያው በፊደሉ ላይ የሚቀመጡት ምልክቶች ናቸው። “ኋላ እመለስባቸዋለሁ” ብሎ የሚዘላቸው ብዙ ነው። ኤታ የምትባለውን አንዲት ፊደል ብቻዋን ውሰዳት፤ በላይዋ በሚቀመጠው ምልክት ብቻ “ወይም” ትሆናለች፣ “በእርግጥ” ወይም “ነበርኩ” ትሆናለች፣ የአንስታይ ስም አመልካችም ትሆናለች። ከመጀመሪያዋ ቀን ጀምረህ ቃሉን ከነምልክቱ አጥና፣ ከነምልክቱ ጻፍ። በኮምፒዩተርህም ሁሉንም የጥንት ምልክቶች የሚጽፈውን የግሪክኛ ኪቦርድ ጫን፤ የዛሬዎቹ ግሪኮች የሚጠቀሙበት ተራው ኪቦርድ አብዛኛዎቹን ምልክቶች አያወጣልህም።

ሁለተኛው ከግሡ የሚወጣው ቅጽል ነው፤ ይህ በተለይ አማርኛ ተናጋሪን ያታልላል። “ታውታ አኩሳስ ሆ ሶክራቴስ አፔልቴን” የሚል ዐረፍተ ነገር ቢገጥምህ “ይህን ሰምቶ ሶቅራጥስ ሄደ” ትላለህ፤ ልክ ነህ። አማርኛችን “አይቶ፣ ሰምቶ፣ ተነሥቶ” እያለ ግሦችን ስለሚያግተለትል ነገሩ ቤት ያፈራው ይመስልሃል። ሆኖም ያው “አኩሳስ” እንደ አገባቡ “ስለ ሰማ”፣ “ሰምቶም እንኳ”፣ “ቢሰማ ኖሮ” ሊሆን ይችላል፤ ሁሉን በ“ሰምቶ” ብቻ የሚያሳልፍ ሰው ፕላቶን ውስጥ ምክንያትና ተቃርኖ አንድ ይሆኑበታል። ከዚህ የባሰው ደግሞ አለ። ቃሉ “አኩሳንታ” ሆኖ ከመጣ የሰማው ሰው የዐረፍተ ነገሩ ባለቤት አይደለም፤ ተሳቢው ነው። አማርኛው “ሰምቶ” እንዲህ ያለ መለያ የለውም፣ ስለዚህ ዓይንህ መድረሻውን ይዘላል። መድኃኒቱ ቀላል ነው፤ እንዲህ ያለ ቃል በገጠመህ ቁጥር ከማን ጋር እንደሚስማማ፣ በጾታ፣ በቁጥርና በሙያ፣ በእርሳስ መስመር አገናኝ። ለሦስት ወር ካደረግኸው በኋላ እርሳሱ አያስፈልግህም።

ግሦቹን ስታጠና እያንዳንዱን ከነስድስት ዋና መልኩ ያዝ። “ፌሮ” ማለት “እሸከማለሁ” ነው፤ “እሸከማለሁ” ለሚመጣው ጊዜ ሲሆን “ኦይሶ”፣ “ተሸከምሁ” ደግሞ “ኤኔንካ” ይሆናል። ሦስቱ ከሦስት ሥር የመጡ ናቸው፣ በመገመት አይገኙም። እንደ ግሥ ቤት በቃል ማውረድ ነው ያለው መንገድ። ከቃላቱ ደግሞ በብዛት ከሚመላለሱት 500 ገደማ ጀምር፤ እነዚህ ብቻ በማንኛውም ገጽ ላይ ካሉት ቃላት ከግማሽ በላዩን ይሸፍናሉ።

በዚህ ጊዜ ውስጥ ሳምንት በሳምንት ሥራህን የሚያርም ሰው ፈልግ። ብቻውን የተማረ ሰው ስሕተቱን ሁለት መቶ ጊዜ ደግሞ ያጸናዋል፤ ኋላ ለማላቀቅ መጀመሪያ ለመማር የወሰደበትን ያህል ጊዜ ይወስድበታል። ዋጋው የሚከብድ ከሆነ በሳምንት አንድ ሰዓት በኢንተርኔት ከሚያስጠኑ የዶክትሬት ተማሪዎች ጋር ተነጋገር፤ መልመጃህን አስቀድመህ ብትልክ ሰዓቱ ሁሉ ለስሕተትህ ይውላል።

መጽሐፉን ስትጨርስ ንባብ ነው። ዕለቱን ሆሜር ላይ አትዝለል፤ ቋንቋው ከፕላቶን በብዙ መቶ ዓመት የሚቀድም፣ የተለያዩ ቀበሌኛዎች የተቀላቀሉበት ነው። በአቴንስ ግሪክኛ ተጀምሮ ነው ወደ እሱ የሚኬደው። ሊሲያስ ለፍርድ ቤት የጻፋቸው ንግግሮች ለመነሻ ጥሩ ናቸው፤ ከዚያ የፕላቶን ክሪቶን። ክሪቶን አጭር ነው። በፕላቶን መጻሕፍት ዳር የምታየው ቁጥርና ፊደል በ1578 ሄንሪ ኤስቲየን (በላቲን ስሙ ስቴፋኑስ) ጄኔቫ ላይ ካሳተመው እትም የቀረ ነው (ዓመቶቹን ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር እንጽፋለን)፤ በዚያ ቁጥር ክሪቶን ከ43 እስከ 54 ያለው ነው። አሪስቶትልን ደግሞ ዓለም የሚጠቅሰው በ1831 በርሊን ላይ በወጣው የቤከር እትም ቁጥር ነው። ስትጽፍ የእንግሊዝኛውን ትርጉም ገጽ ሳይሆን እነዚህን ቁጥሮች ጥቀስ፤ ሙያተኛውን ከጀማሪው ከሚለዩት ምልክቶች አንዱ ይህ ነው።

በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት በሰዓት አምስት ስድስት መስመር ብታነብ አትደንግጥ፤ ደንቡ ነው። ከሦስትና አራት ወር በኋላ አሥራ አምስት ሃያ መስመር ትደርሳለህ። በመስመሮቹ መካከል ትርጉም አትጻፍ፤ ነገ ስትመለስ ዓይንህ የሚያነበው ትርጉሙን ነው። የማታውቀውን ቃል በተለየ ደብተር ጻፍ፣ ገጹን ባዶ ተወው፣ በማግስቱ ከንጹሑ ገጽ ደግመህ አንብብ። ሌላ ወጥመድ ለአንተ በተለይ አለ፦ የዮሐንስን ወንጌል በግሪክኛ ማንበብ። ቋንቋው ቀላል ስለሆነ ይመከራል፣ ግን ምዕራፉን በግእዝ በቃልህ ካወቅኸው ግሪክኛውን ሳይሆን የራስህን ትዝታ ነው የምታነበው። ለመዝናኛ ይሁን እንጂ ዕውቀትህን አትለካበት።

መሣሪያዎቹ በነጻ አሉ። የቱፍትስ ዩኒቨርሲቲው ድረ ገጽ ፐርሲየስ የግሪክኛውን ጽሑፍ ይሰጥሃል፤ የቺካጎ ዩኒቨርሲቲው ሎጌዮን መዝገበ ቃላቱን። በፐርሲየስ ቃሉን ስትነካው ሰዋስዋዊ ፍቺውን ይዘረዝርልሃል፤ ብዙ ጊዜ ሦስት አራት አማራጭ ያቀርባል፣ ትክክለኛው ይህ ነው ብሎ የሚያስቀድመውም ስሕተት ሊሆን ይችላል። ስለዚህ መጀመሪያ ራስህ ወስን፣ ከዚያ አመሳክር። መዝገበ ቃላት ሲባል ሊዴልና ስኮት በ1843 ያወጡት፣ በጆንስ የታደሰው ትልቁ ነው፤ በ2021 ካምብሪጅ ያወጣው ባለ ሁለት ቅጽ አዲሱ ለተማሪ ይበልጥ ይመቻል። ከሁለቱም የመጀመሪያውን ፍቺ ብቻ ይዘህ አትሂድ፤ ደራሲህ ስሙ የተጠቀሰበትን ቦታ እስክታገኝ ውረድ።

ፕላቶንን ከኦክስፎርድ እትም ስታነብ ከገጹ ግርጌ በደቃቅ ፊደል የተጻፉ መስመሮች ታያለህ። ብዙ ተማሪ ዲግሪውን እስኪይዝ አይነካቸውም፤ አንተ ግን ቶሎ ልመዳቸው፤ የሙያው ልብ እዚያ ነው። ፕላቶን ከሞተ ከ1200 ዓመት በላይ ቆይቶ በ895 የተገለበጠ የብራና መጽሐፍ ዛሬ ኦክስፎርድ አለ፤ ክላርክ የተባለ እንግሊዛዊ በ1801 ከፍጥሞ ደሴት ገዳም ያመጣው ነው። በግርጌው “ቢ” ተብሎ የሚጠራው እሱ ነው፤ “ቲ” የቬኒሱ፣ “ደብልዩ” የቪየናው። ሦስቱ በማይስማሙበት ቃል ላይ አዘጋጁ አንዱን መርጦ ወደ ላይ አውጥቶታል፣ የቀሩትን ታች ጽፎልሃል። ምርጫው ግን የአዘጋጁ ነው፤ አንድ ክርክር በዚያ ቃል ላይ የቆመ ከሆነ ራስህ መመዘን ይኖርብሃል። የአንድን ገድል አራት ቅጂ እያስተያየ ያነበበ ሰው ይህን ሥራ ያውቀዋል፤ ፊደሉና አገሩ ነው የተለየው።

ስለ ላቲንና ስለ ጀርመንኛ ባጭሩ። ሁለተኛውን ዓመት ላቲን ጀምር። ልብህ ግሪክ ላይ ቢሆንም እንጀራው ላቲን ላይ ነው፤ በአሜሪካና በእንግሊዝ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች የሚቀጠረው የላቲን መምህር እንጂ የግሪክኛ አይደለም። ጀርመንኛው ለንባብ ነው። ፓውሊና ቪሶቫ የሚባለው ከ80 በላይ ቅጽ ያለው የጥንቱ ዓለም መዝገብ በጀርመንኛ ነው የተጻፈው፣ ትርጉምም የለውም። ፈረንሳይኛም ይጠየቃል። ሁለቱንም ለንባብ ብቻ መማር ለእያንዳንዳቸው ስድስት ወር ይወስዳል፣ ከዶክትሬቱ ጋር ጎን ለጎን ይሄዳል፤ አሁን አያስጨንቅህ።

የፍልስፍና ዲግሪህ አንድ በር ይከፍትልሃል፤ ብዙ ሰው አያስተውለውም። የጥንት ግሪክን ፍልስፍና በክላሲክስ ክፍል ብቻ ሳይሆን በፍልስፍና ክፍልም ማጥናት ይቻላል፣ ሁለቱን ያጣመሩ ፕሮግራሞችም አሉ። ፕሪንስተን፣ ቶሮንቶ፣ በኦስቲን የቴክሳስ ዩኒቨርሲቲ፣ በጀርመን የሙኒክ ዩኒቨርሲቲ በዚህ ይታወቃሉ። በፍልስፍና በኩል ለሚገባ ሰው ግሪክኛው ግዴታ ነው፣ የላቲኑ ጫና ግን ብዙ ጊዜ ይቀላል። ጥያቄህ ስለ ነፍስ፣ ስለ ፍትሕ፣ ስለ ዕውቀት ከሆነ ይህ መንገድ ይሻልሃል፤ ስለ ቅኔ፣ ስለ ሥርዓተ አምልኮ፣ ስለ ብራናዎች ከሆነ ክላሲክስ።

ገንዘቡስ? በአሜሪካ ደህና የዶክትሬት ፕሮግራም የትምህርቱን ክፍያ ይሸፍናል፣ በማስተማር ፈንታ ለመኖሪያ ድጎማ ይሰጣል፤ ጊዜው ከአምስት እስከ ሰባት ዓመት ነው። ተቀብለውህ ድጎማ ካልሰጡህ አትሂድ። በዚህ ሙያ ዕዳን የሚከፍል ደመወዝ የለም። የቋንቋ ጉድለትን ለመሙላት ከዶክትሬት በፊት የሚሰጠው የአንድ ወይም የሁለት ዓመት ማሟያ ጥሩ ነገር ነው፣ ብዙውን ጊዜ ግን ከኪስ የሚከፈል ነው። የጀርመን የመንግሥት ዩኒቨርሲቲዎች አብዛኞቹ የትምህርት ክፍያ አይጠይቁም፤ ባደን ቩርተምበርግ ግን ከአውሮፓ ኅብረት ውጭ የሚመጣውን በሴሚስተር 1500 ዩሮ ያስከፍላል። ለቪዛው ደግሞ የዓመት መኖሪያ የሚሆን ከ11,000 ዩሮ በላይ በዝግ ሒሳብ እንድታሳይ ይጠየቃል፤ ዳድ (DAAD) የሚባለውን የጀርመን ስኮላርሺፕ ያገኘ ሰው ከዚህ ይድናል። አቴንስ ውስጥ የአቴንስ ዩኒቨርሲቲ የጥንት ግሪክን አርኪዮሎጂ፣ ታሪክና ሥነ ጽሑፍ በእንግሊዝኛ በአራት ዓመት ዲግሪ ያስተምራል፤ እንደገና ከመጀመሪያ ዲግሪ መነሣት ስለሆነ ለአንተ አይመችም፣ ለታናሽ ወንድም ወይም እህት ግን ይታሰብ። በአፍሪካም የጋና ዩኒቨርሲቲና የናይጄሪያው ኢባዳን የክላሲክስ ትምህርት አላቸው፤ ከአውሮፓ ጋር ሲነጻጸር ወጪው የሚያንስ በመሆኑ ጠይቅ።

አሁን ወደ ግእዝህ። አትተወው። አቆይተን የመጣንበት ነገሩ ሰፊ ስለሆነ ነው። በመጀመሪያው መቶ ዘመን የተጻፈ የነጋዴ መርከበኛ መምሪያ የአክሱምን ምድር የሚገዛውን ዞስካሌስን የግሪክ ፊደል የሚያውቅ ይለዋል። የአክሱም የወርቅ ሳንቲሞች በግሪክኛ ይጻፉ ነበር፤ የኢዛናም የድንጋይ ጽሑፍ አንዱ ወገን ግሪክኛ ነው። መጽሐፍ ቅዱስ፣ ቄርሎስ፣ ፊሳልጎስ፣ ሥርዓተ ጳኩሚስ ከግሪክኛ በቀጥታ ወደ ግእዝ ተተርጉመዋል። ከእነዚህ አንዳንዶቹ ግሪክኛቸው ጠፍቶ ወይም ተቆራርጦ ግእዙ ቀርቷል። መጽሐፈ ሄኖክ ሙሉው በግእዝ ብቻ ነው ያለው፤ በግሪክኛ ከግብፅ አክሚም የተገኘው ብራና እስከ ምዕራፍ 32 ድረስ ብቻ ይሄዳል። በ1999 ትግራይ ውስጥ የተገኘ አንድ ጥንታዊ የብራና ጥራዝ ደግሞ በግሪክኛ የጠፋ የእስክንድርያ ጳጳሳትን ታሪክ ይዞ ተገኝቷል፤ የሐምቡርግ ዩኒቨርሲቲ ሊቃውንት ሲሠሩበት ቆይተዋል። እንዲህ ያለውን ጽሑፍ ለማንበብ ግእዝ የሚያውቅ የግሪክኛ ሊቅ ያስፈልጋል፤ ሁለቱን አንድ ላይ የያዘ ሰው በዓለም ጥቂት ነው። በአሜሪካ ሚኒሶታ የሚገኘው የሂል የብራና ቤተ መጻሕፍት ከ1973 ጀምሮ በማይክሮፊልም የተነሡ በሺህ የሚቆጠሩ የኢትዮጵያ ብራናዎች አሉት፤ ብዙዎቹን ዶክተር ጌታቸው ኃይሌ ካታሎግ አድርገዋቸዋል፣ በኢንተርኔትም በነጻ ይታያሉ።

ሁለት ማስጠንቀቂያ እዚህ ላይ። መጽሐፈ ፈላስፋ የሶቅራጥስንና የአሪስቶትልን ቃል ይጠቅሳል ብለህ ከግሪክኛ የመጣ እንዳይመስልህ፤ በ16ኛው መቶ ዘመን የተተረጎመው ከዐረብኛ ነው፣ ሊሠራበት የሚፈልግ ዐረብኛ ይማራል። ሌላው፣ ማመልከቻህን “ሆሜር ኢትዮጵያውያንን አመስግኗል” ብለህ አትጀምር። በኢልያዳ መጀመሪያ ዜውስ ነውር ወደሌላቸው ኢትዮጵያውያን ግብዣ እንደሄደና በአሥራ ሁለተኛው ቀን እንደሚመለስ መነገሩ እውነት ነው። ግን የጥንቶቹ ግሪኮች በዚያ ስም ሲጠሩ ከግብፅ በስተ ደቡብ ያለውን ሰፊ ምድር፣ በተለይም በዛሬዋ ሱዳን የነበሩትን ኩሽንና ሜሮዌን ነበር የሚያስቡት። ገምጋሚዎቹ ይህን ያውቃሉ፤ ክርክርህ በዚያ ላይ ከቆመ ይወድቃል።

ለቤተሰቦችህ የምትመልሰው እውነቱን ነው፤ እንጀራው ጠባብ ነው። ዶክትሬት ይዘው ቋሚ የማስተማር ቦታ የማያገኙ ብዙ ናቸው፤ አንድ ዓመት እዚህ፣ አንድ ዓመት እዚያ እየተቀጠሩ ከከተማ ከተማ ይዞራሉ፣ ቪዛህ በቅጥር የታሰረ ከሆነ ደግሞ ጭንቁ ይብሳል። ትምህርት ክፍሎችም ይዘጋሉ፤ ብዙ ወገኖቻችን በሚኖሩባት ዋሽንግተን ያለው ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ፣ ፍራንክ ስኖውደንን ያህል ሊቅ ያስተማረበትን የክላሲክስ ክፍል በ2021 ዘግቶታል። ስለዚህ ሥራህን አትልቀቅ። አንድ ዓመት ተኩሉን ደመወዝህን እየበላህ ተማር። ግሪክኛውና ግእዙ አንድ ላይ ከያዙ የብራና ካታሎግ ሥራ፣ የትርጉም ሥራ፣ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የፊሎሎጂ ማስተርስም ክፍት ናቸው፤ ከዩኒቨርሲቲ መምህርነት ሌላ በር የሌለው አድርገህ አታስበው። እናትና አባትህን ደግሞ በክርክር አታሸንፋቸውም፤ ጠዋት ጠዋት ከሥራ በፊት ተነሥተህ ዓመቱን ሙሉ ስታጠና ቢያዩህ ይበልጥ ይገባቸዋል።

ክሪቶንን ስትጨርስ ራስህን ፈትን። ከአቴናዊው ጸሐፊ ከዜኖፎን ያላየኸውን ምንባብ አሥራ አምስት መስመር ውሰድ፤ በአንድ ሰዓት፣ ያለ መዝገበ ቃላት ተርጉም፣ ለሚያርምህ ሰው ስጥ። አጠቃላይ ነገሩ ከገባህና ስሕተትህ ከቃላት አለማወቅ ብቻ ከሆነ ማመልከት ጀምር። ስሕተቱ ከሰዋስው ከሆነ ሦስት ወር ጨምር።

የአሜሪካ ፕሮግራሞች ማመልከቻ የሚዘጉት ከታኅሣሥ መጀመሪያ እስከ ጥር መጀመሪያ ነው፣ በፈረንጅ ማለታችን ነው። ሦስት የድጋፍ ደብዳቤ ይፈልጋሉ፤ ቢያንስ አንዱ ግሪክኛ ስታነብ ካየህ ሰው ይሁን፤ “ትጉህ ተማሪ ነው” የሚል ደብዳቤ ከማንም ቢመጣ አይረዳህም። ከ15 እስከ 25 ገጽ የሚሆን የጽሑፍ ናሙናም ይጠይቃሉ፤ የምትጠቅሳቸውን ቦታዎች ሁሉ ራስህ ከግሪክኛው ተርጉማቸው። የማመልከቻ ክፍያው ከከበደህ ብዙዎቹ ሲጠየቁ ይተዉታል፤ ከመዝጊያው ቀን ሁለት ሦስት ሳምንት ቀድመህ ጻፍላቸው። ለፕሮፌሰሮች ኢሜይል የምትልከው በመስከረምና በጥቅምት ነው፣ ከመቶ ሃምሳ ቃል አይብለጥ። በግሪክኛ ያነበብከውን ከነስቴፋኑስ ቁጥሩ ጥቀስ፣ ሊሠሩበት የሚቻል አንድ ጥያቄ አቅርብ፣ በሚቀጥለው ዓመት ተማሪ ይቀበሉ እንደሆነ ጠይቅ። “ከልጅነቴ ጀምሮ ፍልስፍና እወዳለሁ” የሚለውን ዐረፍተ ነገር አውጣው፤ በቦታው ግእዝ እንደምታነብና ብራና እንደምታውቅ ጻፍ።